በክፉ ቀን ርኅራኄ ድካም ነውን?

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ። አሜን።



«ከራስ በላይ ነፋስ» ይላል የአገራችን ሰው። ያው ሰው ተመልሶ ደግሞ «ሰው ለሰው መድኃኒቱ ነው» ይላል። ሁለቱም አባባሎች ከአንድ ቤት የወጡ፣ በአንድ ምድጃ ዙሪያ ሲነገሩ የሰማናቸው ናቸው። ይሁን እንጂ ሁለቱ በአንድ ቀን አይነገሩም። ሁለተኛውን የምንናገረው ማጀቱ ሙሉ፣ መንገዱም ሰላም በሆነ ጊዜ ነው። እህል ሲወደድ፣ ጎረቤት ጎረቤቱን ሲፈራ፣ የወጣ ሰው በሰላም መግባቱ ሲያጠራጥር ግን አፋችን ሳናስበው ወደ መጀመሪያው ያዘነብላል። እንግዲህ ጥያቄያችን ይህ ነው፦ ዘመን ሲከፋ ለሌላው መራራት ሞኝነት ነውን? ርኅራኄ የጥጋብ ዘመን ጌጥ ነው ወይስ የክፉ ቀን ስንቅ?

ይህን ጥያቄ በመካከላችን ያስነሣው ከእጅ ወደ እጅ ሲዘዋወር የሰነበተ አንድ የእንግሊዝኛ ልብ ወለድ ነው። ርእሱ «የዘሪው ምሳሌ» የሚል ስለ ሆነ በመጀመሪያ የመንፈሳዊ ትምህርት መጽሐፍ መስሎን ነበር። በእርግጥም ስያሜው ጌታችን ካስተማረውና በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 8 ከተጻፈው ምሳሌ የተወሰደ ነው። ደራሲዋ ኦክታቪያ በትለር የተባለች ጥቁር አሜሪካዊት ናት። እ.ኤ.አ. በ1947 በካሊፎርኒያ፣ በፓሳዴና ከተማ ተወለደች። አባቷ ጫማ እየጠረገ ይተዳደር የነበረ ሰው ሲሆን በልጅነቷ ሞተባት፤ እናቷም በሰው ቤት እያገለገለች አሳደገቻት። መጽሐፉን በ1993 አሳተመች፤ በ2006 ዐረፈች። (በዚህ ጽሑፍ ስለ እርሷና ስለ መጽሐፎቿ የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ታሪኩ የሚጀምረው በ2024 ነው። ለእኛ ያለፈ ዘመን የሆነው ያ ዓመት ለደራሲዋ ገና ከ30 ዓመታት በኋላ የሚመጣ ነበር። በመጽሐፉ ውስጥ አሜሪካ የምትፈርሰው በጦርነት ወይም በአንድ ቀን መዓት አይደለም። ምስጥ እንደ በላው ምሰሶ ቀስ በቀስ ነው። ዝናብ ይጠፋል፤ ውኃ ከቤንዚን ይልቅ ይወደዳል። ፖሊስ ሳይከፈለው አይመጣም። ሥራ ያጣ ሰው ለአንድ ኩባንያ ያድራል፤ ደመወዙ ለቀለቡ ስለማይበቃው በዕዳ ተይዞ ባሪያ ይሆናል። ጥቂት ያላቸው ሰዎች በግንብ አጥር ውስጥ ተዘግተው ይኖራሉ። ከአጥሩ ውጭ ያሉትም በአጥሩ ውስጥ ያሉትን እንደ ሀብታም ይቈጥራሉ፤ በውስጥ ያሉት ግን የበሉ እንደ ሆነ ነው እንጂ ሀብታሞች አይደሉም።

በመጽሐፉ ማስታወሻ ላይ በየካቲት 1 ቀን 2025 በሰፈሩ የእሳት አደጋ እንደ ደረሰ ተጽፏል። በእውነተኛው ዓለም ደግሞ በጥር ወር 2025 ከፓሳዴና ጋር የተያያዘችውን የአልታዴናን ከተማ ከባድ ሰደድ እሳት አወደማት፤ ደራሲዋ የተቀበረችውም በዚያው በአልታዴና ነው። ከዚህ የተነሣ ብዙ ሰዎች ነቢይት ናት አሉ። እኛ ግን ይህን ቃል በችኮላ አንጠቀምበትም። ደራሲዋ ያደረገችው በዘመኗ ያየችውን ንፉግነትና ቸልተኝነት ወስዳ «ይህ በዚሁ ቢቀጥል ወዴት ያደርሰናል?» ብላ መጠየቅ ነው። ይህን ለመጠየቅ የተከፈተ ዓይን ይበቃል፤ መልሱን ለመስማት ግን የተከፈተ ልብም ያስፈልጋል።

የታሪኩ ባለቤት ሎረን ኦላሚና የምትባል የ15 ዓመት ልጅ ናት። አባቷ መምህርና የባፕቲስት ሰባኪ ነው። ልጅቱ ከተወለደች ጀምሮ አንድ ደዌ አለባት። እናቷ በእርግዝናዋ ጊዜ ትወስደው ከነበረ መድኃኒት የተነሣ ሎረን በዓይኗ ያየችውን የሌላ ሰው ሕመም በገዛ ሰውነቷ ትታመማለች። ሰው ሲመታ ብታይ እርሷም እንደ ተመታች ይሰማታል፤ ሰው ሲቆስል ብታይ ቁስሉ የእርሷ ይሆናል። በመጽሐፉ እንዲህ ያሉት ሰዎች «ተካፋዮች» ይባላሉ።

እዚህ ላይ ቆም ብለን እናስብ። ብዙዎቻችን «ሰው ሁሉ የሌላው ሕመም ቢሰማው ኖሮ ዓለም ገነት በሆነች» እንላለን። ልጅቱም አንድ ጊዜ እንደዚሁ ታስባለች፤ ሌላውን ማሠቃየት ራስን ማሠቃየት ከሆነ ማን ያሠቃያል? ትላለች። ደራሲዋ ግን እዚህ ላይ አታቆምም፤ ነገሩን እስከ ጫፍ ድረስ ትወስደዋለች። የሎረን ወንድም በልጅነታቸው ቀይ ቀለም ደም አስመስሎ እየተቀባ ያታልላታል፤ እርሷም በውሸቱ ደም የእውነት ትታመማለች። እንግዲህ ስሜት ሊታለል ይችላል ማለት ነው። በዱር ውሻ ተተኵሶበት ሲያጣጥር ስታይ ሥቃዩ ለእርሷም ስለሆነባት ፈጥና ትገድለዋለች። እንግዲህ ስሜት የሚታመመውን ሳይሆን ሕመሙን ብቻ ለማስወገድ ሊቸኩል ይችላል። ኋላም በባርነት የኖሩ ሌሎች ተካፋዮች ታገኛለች፤ ይህ ጠባያቸው ለጌቶቻቸው እንደ ልጓም አገልግሏል። እንግዲህ ስሜት ብቻውን ሰውን ነፃ አያወጣም።

ከዚህ የምንረዳው ነገር ቢኖር የሌላውን ሕመም መታመም ገና ፍቅር አለመሆኑን ነው። ለፍቅር በር ሊሆን ይችላል፤ ዳሩ ግን በበሩ ላይ ቆሞ የቀረ ሰው ወደ ቤት ገባ አይባልም። የእኛ ቋንቋም ይህን ያውቀዋል። ለማኝ «ስለ እግዚአብሔር» ሲለን ምን እንደምንመልስ እናስተውል። «እግዜር ይስጥህ» እንላለን፤ ብለንም እናልፋለን። ምርቃቱ ከልባችን ሊሆን ይችላል፤ ሥራው ግን በርን በጨዋነት መዝጋት ነው። ሐዋርያው ያዕቆብ በመልእክቱ ምዕራፍ 2 የተራቈተውንና የተራበውን በቃል ብቻ አጽናንቶ የሚያሰናብተውን ሰው የገሠጸው ስለዚህ ነው።

ወደ ታሪኩ እንመለስ። በ2027 የግንቡ አጥር ፈረሰ። እሳት ሲነድ ማየት ደስታ የሚሰጣቸው፣ በአንድ ዐይነት አደንዛዥ ዕፅ የተያዙ ሰዎች ሰፈሩን አቃጠሉት። የሎረን አባት ከዚያ በፊት ወጥቶ ቀርቷል፤ ቤተሰቧም ጠፋ። እርሷ ግን አስቀድማ አንድ ከረጢት አዘጋጅታ ነበር። በከረጢቱ ውስጥ ውኃ፣ ደረቅ ምግብ፣ ጥቂት ገንዘብና የሚዘራ ዘር ነበረበት። ከሰፈሩ ከተረፉ ሁለት ወጣቶች ጋር ሆና እንደ ወንድ ለብሳ በሰፊው አውራ ጎዳና ወደ ሰሜን በእግሯ ተነሣች። በመንገዱ ላይ እንደ እርሷ ያለ ሕዝብ ይጐርፋል። የወደቀ ሁሉ ይዘረፋል። ማንም ማንንም አያምንም።

አሁን የመጽሐፉ ዋና ነገር ይመጣል። እነዚህ ሦስት ሰዎች ሕፃን ልጅ የያዙ ባልና ሚስት ያገኛሉ፤ ይቀበሏቸዋል። የመሬት መንቀጥቀጥ በደረሰ ጊዜ ከፈረሰ ቤት ሥር ሁለት እኅትማማቾችን ቆፍረው ያወጣሉ። ሌላ ሌሊት ደግሞ አንዲት እናት ከትንሽ ልጇ ጋር ሾልካ መጥታ በሰፈራቸው መካከል ተኝታ ትገኛለች፤ ከዕዳ ባርነት ያመለጠች ናት፤ እርሷንም አያባርሯትም። ለመሆኑ እነዚህ ሰዎች የዋሆች ነበሩን? አልነበሩም። በእያንዳንዱ ጊዜ ይፈራሉ፤ ይከራከራሉ። ሌሊት ተራ ገብተው ይጠብቃሉ፤ ዕቃቸውን ይቈጥራሉ፤ ለገባው ሰው ሁሉ ሕጉን ይነግሩታል። ነገር ግን ካላቸው ያካፍላሉ። ጥንቃቄያቸው በሩን ለመዝጋት ሳይሆን በሩን ከፍተው በሕይወት ለመቆየት ነው።

ከፍርስራሽ ውስጥ ከወጡት እኅትማማቾች አንዷ ጂል ትባላለች። በጉዟቸው መጨረሻ ገደማ ሽፍቶች ሲያጠቋቸው ጂል የዚያችን ያመለጠች እናት ትንሽ ልጅ ተሸክማ ስትሮጥ በጥይት ተመታ ሞተች። ልጅቱ ግን ተረፈች። ጂል «ተካፋይ» አልነበረችም፤ የልጅቱ ሕመም በሥጋዋ አይሰማትም። ያዳነቻት ሕመሙ ስለ ተሰማት ሳይሆን ስለ ተሸከመቻት ነው። እኛ ከመጽሐፉ ሁሉ ይህን ቦታ አንረሳውም።

እንዲህ እያልን ስንጽፍ ራሳችንን ከመንገዱ ውጭ አድርገን እንዳይደለ ይታወቅልን። አንድ ምሽት ከጉባኤ ስንመለስ ሰባት ነበርን። ዝናብ ያካፋል። ከመንገዱ ዳር አንድ ሰው በጎኑ ወድቆ ያቃስታል። ከመካከላችን አንዱ «ሰክሮ ነው» አለ። ሌላው «ወጥመድ ይሆናል፤ ሰው ጠጋ ሲል ከጨለማው ወጥተው ይዘርፋሉ ተብሏል» አለ። ይህን የመሰለ ወሬ በእርግጥ በሰፈራችን ይወራ ነበር። ሁላችንም አዝነናል፤ አንዲት እኅታችንም እንባዋን ጠርጋለች። ግን አለፍን። ሩቅ ሳንሄድ ኅሊናችን ስለ ወቀሰን ሦስታችን ተመለስን። ሰውየው በቦታው አልነበረም። የተኛበት መሬት ብቻ ገና ሳይርስ የሰው ቁመት ያህል ደረቅ ሆኖ ቆየን። ያነሣው ደግ ሰው ይሁን ሌላ፣ ተነሥቶ የሄደ ይሁን የተወሰደ፣ እስከ ዛሬ አናውቅም።

ከኢየሩሳሌም ወደ ኢያሪኮ ይወርድ ስለ ነበረው ሰው ስናነብ ካህኑንና ሌዋዊውን ልበ ደንዳና አድርገን እንሥላቸው ነበር። ከዚያች ምሽት ወዲህ ግን ምናልባት እነርሱም አዝነው ይሆናል እንላለን። ምናልባት እነርሱም ወጥመድ ፈርተው ይሆናል፤ ያ መንገድ የወንበዴ መንገድ ነበርና። ሳምራዊውን ከእነርሱ የለየው እንባው አይደለም። ዘይትና ወይን በኮርቻው ይዞ ነበር፤ አህያ ነበረው፤ ለእንግዳ ቤቱ ጠባቂ የሚከፍለው ገንዘብ ነበረው፤ ይህንም ሁሉ ለማያውቀው ሰው አዋለው። እኛስ? ሰባት ነበርን። ሁለታችን ጠጋ ብለን አምስታችን ዙሪያውን ብንጠብቅ ምን ነበረበት? ይህ አሳብ በዚያች ሰዓት ለአንዳችንም አልመጣልንም። የጐደለን ኀዘኔታ አልነበረም፤ አስቀድሞ የተሰናዳ ውሳኔ ነው።

አንዳንድ ሰው ግን እንዲህ ሊለን ይችላል፦ «በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 25 ልባሞቹ ቆነጃጅት ለሰነፎቹ ዘይታቸውን አላካፈሉም፤ ስለዚህ በክፉ ሰዓት ያለውን መያዝ ጥበብ ነው።» ይህ ቀላል ጥያቄ አይደለም። ነገር ግን በዚያው ምዕራፍ መጨረሻ ጌታ የሚፈርደው የተራበውን በማብላትና ባለማብላት፣ እንግዳውን በመቀበልና ባለመቀበል መሆኑን እናያለን። አንድ ምዕራፍ በራሱ ላይ አይፈርድም። ቅዱስ ዮሐንስ አፈ ወርቅ ይህን ቋጠሮ ሲፈታው ዘይቱን ምጽዋትና ርኅራኄ ነው ብሎ ተርጕሞታል። እንግዲያስ ሰነፎቹ ያጡት ርኅራኄን ነው፤ ልባሞቹም አስቀድመው ያከማቹት ርኅራኄን ነው። ርኅራኄ እኩለ ሌሊት ላይ ከጎረቤት የሚበደሩት ነገር አይደለም። ብርሃን ሳለ፣ ገበያው ክፍት ሳለ ሊሰናዳ ይገባዋል። ዮሴፍም በግብፅ ሰባቱን የጥጋብ ዓመታት እህል ያከማቸው ለብቻው ሊበላው አልነበረም። ረኀቡ በመጣ ጊዜ ጎተራውን ከፈተ፤ የሸጡት ወንድሞቹ ሳይቀሩ ከዚያው በሉ። ዮሴፍ ባያከማች ኖሮ ርኅራኄው ባዶ እጁን ይቀር ነበር፤ አከማችቶ ባይከፍት ደግሞ ጎተራው መቃብሩ በሆነ ነበር።

«ክፉ ቀን» የሚለው ቃል ለእኛ የልብ ወለድ ቃል ብቻ አይደለም። አባቶቻችን ከ1880ዎቹ መጀመሪያ እስከ 1884 ዓ.ም. በከብት እልቂት የተነሣ የመጣውን ታላቅ ረኀብ በዚሁ ስም ይጠሩታል። በሬው ሁሉ ባለቀ ጊዜ ዐፄ ምኒልክ ራሳቸው ዶማ ይዘው መቆፈራቸው ይነገራል። የ1977 ዓ.ም. ረኀብ ደግሞ ከወላጆቻችን ትውስታ ገና አልራቀም። ሕዝባችን ከእንዲህ ያለው ቀን የተማረው ነገር ቢኖር ደግነትን ለስሜት ብቻ አለመተዉን ነው። ዕድርን እንመልከት። ዕድር የቆመው ሰው ሲሞት ማዘን እንደሚገባ ለማስተማር አይደለም፤ ያን ሁሉ ሰው ያውቀዋል። ዕድር የቆመው ድንኳኑ፣ ብረት ምጣዱና አግዳሚ ወንበሩ ቀኑ ሳይመጣ እንዲዘጋጅ ነው። በዚያ ቀን የዕድሩ አባል ሟቹን ወደደውም አልወደደውም ድንኳኑ ይተከላል። ማኅበሩና ሰንበቴውም እንደዚሁ ናቸው። ይህ ርኅራኄ በሥርዓት ሲታሠር ነው፤ በሥርዓት የታሠረ ርኅራኄም በክፉ ቀን ቶሎ አይፈታም።

ከደራሲዋ ጋር የማንስማማበትንም ነገር ሳንሸሽግ እንናገር። ሎረን የአባቷን እምነት ትታ «የምድር ዘር» የሚባል የራሷን ትምህርት ታቆማለች፤ በዚያም ለውጥን አምላክ ታደርገዋለች። እኛ ይህን አንቀበልም። ለውጥ ቤት ሲያቃጥልም ለውጥ ነው፤ ሕፃን ሲያስርብም ለውጥ ነው። ራሱ የማይራራ ነገር «ራሩ» ብሎ ሊያዘን አይችልም። እኛ የምናመልከው ነቢዩ ሚልክያስ እንዳስተማረን የማይለወጠውን ጌታ ነው፤ ሁሉ ሲናወጥ የምንይዘው እርሱን ነው። ስለ ልጅቱ ግን አንድ ነገር እንመስክር፦ እርሷ አምላክ ያለችው ነገር ርኅሩኅ ባይሆንም እርሷ ራርታለች። በአንጻሩ በ1998 በታተመው ተከታዩ መጽሐፍ የክርስቶስን ስም የተሸከሙ ሰዎች የእርሷንና የወገኖቿን መንደር ወርረው ባሪያ ያደርጓቸዋል። ይህን ስናነብ አንዳንዶቻችን ተቈጥተን መጽሐፉን ልንጥለው ነበር። በኋላ ግን ቍጣችን ወደ ማን ሊሆን እንደሚገባው አሰብን። የተረት ጸሐፊ በስማችን ላይ እንዲህ ያለ ታሪክ ልትጽፍ የቻለችው ስሙን ብቻ የያዙ ሰዎች በታሪክ ስላላነሱ ነው። ትክክለኛውን አምላክ ማወቅና የወደቀውን ሰው ማለፍ አብረው ሊሄዱ እንደሚችሉ እኛ ሰባቱ ደግሞ በዚያች ዝናባማ ምሽት አይተናል።

እንግዲህ መጽሐፉ ወደ ተሰየመበት ምሳሌ ተመልሰን እንፈጽም። ዘሪው ዘሩን ሲዘራ በጭንጫ ላይ የወደቀው ፈጥኖ በቀለ፤ ርጥበት ግን ስለሌለው ደረቀ። ስሜት ብቻ የሆነ ርኅራኄ ይህ ነው፤ እንባው ፈጥኖ ይመጣል፤ ፀሐይ ሲበረታ ግን የለም። በእሾህ መካከል የወደቀው ታነቀ፤ «ከራስ በላይ ነፋስ» የሚለው ፍርሃት ይህ ነው። በመልካም መሬት የወደቀውን ጌታ ሲተረጕም በትዕግሥት ፍሬ የሚያፈሩ አላቸው እንጂ ብዙ የሚሰማቸው አላላቸውም። የሎረን ጓዶችም በጉዟቸው ፍጻሜ የደረሱበት ቤት ተቃጥሎ፣ በቤቱ የነበሩትም ዐፅማቸው ብቻ ቀርቶ ሲያገኙት ወደ መንገዱ አልተመለሱም። ሙታኑን ቀበሩ፤ በየሙታናቸውም ስም የዛፍ ፍሬ ተከሉ። ጥላው ለእነርሱ እንደማይደርስ እያወቁ ተከሉ።

ስለዚህ ለተነሣው ጥያቄ መልሳችን ይህ ነው። ስሜት ሆኖ የቀረ ርኅራኄ በክፉ ቀን ድካም ነው፤ ራሱም አይቆምም፤ ሌላውንም አያነሣም። ውሳኔ፣ ሥርዓትና ስንቅ የሆነ ርኅራኄ ግን ከግንብ አጥር ይልቅ ይጠብቃል። የግንቡ አጥር ፈርሷል፤ በመንገድ ላይ የተቈረሰው እንጀራ ግን ሰዎቹን እስከ ሰሜን አድርሷል።

እኛም ከዚያች ምሽት ወዲህ ትንሽ ነገር ጀምረናል። ማታ ስንመለስ በአንድነት እንሄዳለን፤ የወደቀ ሰው ብናገኝ ማን ጠጋ እንደሚል፣ ማን እንደሚጠብቅ አስቀድመን ተነጋግረናል። ከየኪሳችን የተዋጣ፣ ሕመምተኛ ወደ ሐኪም ቤት የምናደርስበት ጥቂት ገንዘብም ለብቻው ተቀምጧል። ብዙ አይደለም። ነገር ግን በዚያ በደረቀው መሬት ላይ የነበረውን ወንድማችንን ዳግመኛ ብናገኘው ባዶ ምርቃት ይዘን አንቆምም።

ቸሩ አምላካችን የሚያይ ዓይን ብቻ ሳይሆን የሚያነሣ እጅ ይስጠን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር። ወለወላዲቱ ድንግል፤ ወለመስቀሉ ክቡር። አሜን።